ከደረጃው ሥር የቀረው ግማሽ ዳቦ

መንታ እህቴ በአራት ዓመት ታንሰኛለች። ይህን ስናገር ሰው መጀመሪያ ይስቃል፣ ቀጥሎ ጣቱን እያጠፈ ይቆጥራል፣ በመጨረሻም እናቴን ሊያማ ሲቃጣው ፊቴን አይቶ ይተወዋል። የተወለድኩት ከእሷ ሩብ ሰዓት ቀድሜ ነው። የቀረውን አራት ዓመት ያመጣው ጋሼ ሻማ ነውና የእሱን ነገር ሳላወራ የእኛን ማውራት አልችልም።

ያደግንበት ከተማ ጊዜ በሁሉም ቦታ እኩል የማይሄድበት ከተማ ነው። እንደ መንገዱ ነው፤ እዚህ ቁልቁለት፣ እዚያ ዳገት። አትክልት ሻጯ ቲማቲሟን የምታሳድረው ጊዜ በሚያዘግምበት ጥግ ስለሆነ፣ ሦስት ቀን የከረመውን አሁን የተቀነጠሰ ነው ብላ ብትሸጥ ውሸታም የሚላት የለም። ከልብስ ሰፊው በረንዳ ላይ ቁጭ ያለ ሰው ሳያስበው ይመሽበታል። የሒሳብ ክፍላችን ውስጥ ጊዜ እንደሚጎተት ደግሞ ማንም ሳይለካው ይታወቅ ነበር። ሰው ይህን ሁሉ እንደ ዝናብና ፀሐይ ለምዶት ይኖራል እንጂ ለምን ብሎ አይጠይቅም።

አባዬ ዳቦ ጋጋሪ ነበር። ከምድጃው ጀርባ አራት እርምጃ በሦስት የሆነች፣ መስኮት የሌላት የሊጥ ጓዳ ነበረችው። እዚያ ውስጥ ጊዜ ይጋልባል። አባዬ ሊጡን በረጅሙ የእንጨት አካፋ በበሩ ቀዳዳ አስገብቶ እስከ መቶ ይቆጥራል፤ መቶ ሲል ሌላ ቤት ሌሊቱን ሙሉ የሚያድረው ሊጥ ኩፍ ብሎ ይወጣል። የጓዳው ሕግ አንድ ነበር፤ ሊጥ እንጂ ሰው አይገባም። ይሁን እንጂ አባዬ ትሪ በተጣመመበት ቁጥር ትዕግሥት ያጣና ቀኝ እጁን እስከ ክርኑ ይሰደዋል። በዚህ የተነሳ ግራ እጁ የአርባ ዓመት ሰው እጅ ሆኖ ሳለ ቀኝ እጁ ተሸብሽቦ፣ ፀጉሩም ነጥቶ ሽማግሌ ሆኗል። ሲቆጣን በግራው ጆሯችንን ይይዛል፣ ሲምረን በቀኙ ራሳችንን ይዳብሳል። አያታችንን ስላላየነው ያ እጅ ለእኛ አያታችን ነበር።

እማዬ በየጠዋቱ የመጀመሪያውን ዳቦ ቆርሳ ትቀምስና "ጨው አንሶታል" ትለዋለች። አባዬ "ነገ" ይላታል። በነጋታውም ያው ነው።

ጋሼ ሻማ ፎቅ ላይ ያለችውን ክፍል ሊከራይ የመጣው እኔና እህቴ አምስት ዓመት ሲሞላን ነው። ያኔ ሃያ አምስት ዓመቱ ነበር፤ ፂሙ ከሰል የመሰለ፣ ሲስቅ ከታች ያሉት ትሪዎች የሚንጫጩ ሰው። የጀልባ ቀዛፊ ልጅ ነበር። ዕድሜውን ሙሉ ወንዝ መሐል የዋለው አባቱ ከታናሽ ወንድሙ አንሶ መታየት ሲጀምር፣ አገሩ ሁሉ ሥራው ተስማምቶት ነው ሲል፣ እሱ ግን ሁለት ሻማ ይዞ ጀልባዋ ላይ ወጣ። ትምህርቱ በዚህ ተጀመረ። እኩል የሆኑ ሁለት ሻማዎች በአንድ ቅጽበት ይለኮሳሉ፤ አንዱ እዚህ፣ አንዱ እዚያ ይቀመጣል፤ የቱ ምን ያህል እንደቀለጠ ይመዘገባል። እኛ ከተማ መጥቶ ሦስት ዓመት ሙሉ በየመንገዱ፣ በየደጁ፣ በየጉድጓዱ አፍ ሻማ ሲለኩስ ኖረ። ሰዎች ጊዜህን በከንቱ ታቃጥላለህ ሲሉት፣ የማቃጥለው ሻማውን ነው፣ ጊዜውንማ እመዘግበዋለሁ ይላቸዋል። የእኛን ከተማ ሲጨርስ የዓለሙን ሁሉ የጊዜ ካርታ ሊሠራ አስቦ ለመንገዱ አዲስ ቡትስ ገዝቷል። ቡትሱን በየሳምንቱ ይወለውለዋል እንጂ አያደርገውም ነበር።

እኔም የራሴ ቦታ ነበረችኝ። ወደ ጋሼ ሻማ ክፍል በሚወጣው የእንጨት ደረጃ ሥር፣ ባዶ የዱቄት ጆንያ ከሚከመርበት ኋላ፣ አንድ ልጅ ተጣጥፎ የሚገባበት ክፍተት አለ። ከክፍተቱ መጨረሻ ግድግዳው ተሰንጥቋል። ስንጥቁ ውስጥ ዳቦ እደብቃለሁ። መንታ ያለው ሰው ያውቀዋል፤ ያልተደበቀ ነገር ሁሉ የጋራ ነው። የደበቅኩት ዳቦ በሄድኩ ቁጥር ትኩስ ሆኖ ይጠብቀኛል፤ ግድግዳው ከምድጃው ጋር ስለሚጎራበት ነው ብዬ ደምድሜ ነበር። የማይገባኝ የትልልቅ ሰዎች ውሸት ነው። ሁለት ጉርሻ በልቼ ስወጣ እማዬ አለንጋ ይዛ ከጠዋት ጀምሮ የት ጠፍተሽ ነው ትለኛለች። አሁን ነው የገባሁት ብዬ እምላለሁ። ለጥፋቴ አንድ፣ ለመሐላዬ ሌላ አንድ እቀምሳለሁ።

ዛሬ ሳስበው ይገርመኛል። ጊዜን የሚያጠና ሊቅ በሚኖርበት ቤት አንዲት ልጅ በየሳምንቱ ግማሽ ቀን ስትጠፋ ማንም ለምን አላለም። የልጅ መዘግየት ጥፋት ይመስላል እንጂ ማስረጃ አይመስልም።

ስምንት ዓመት ሊሞላን ሲል እህቴ ትሪ ማመላለስ አቆመች። ደረጃ ስትወጣ መሐል ላይ ትቀመጣለች፣ ከንፈሯ ይጠቁራል። ሥራ ጠልታ ነው ብዬ ተናደድኩ፤ ጥቁሩንም እንጆሪ በልታ ነው አልኩ። የሰፈራችን ሐኪም መጥቶ ጆሮውን ደረቷ ላይ አድርጎ ብዙ ከቆየ በኋላ ወላጆቼን ወደ ማዕድ ቤት ይዟቸው ገባ። እኔም በሩ ላይ ተለጠፍኩ። ልቧ ነው አላቸው። ይህን መጠገን የምትችለው በመርከብ አገር ለአገር የምትዞረው ሐኪም ብቻ ናት፤ እሷ ደግሞ አምና መጥታ ሄዳለች፤ የምትመለሰው ከአራት ዓመት በኋላ ነው።

እማዬ "ልጄስ?" አለችው።

"ሁለት ወር አላት" አላት።

እኔ የገባኝ ሁለት ወር ከሥራ ነፃ መሆኗ ነው። ማታውኑ እማዬን፣ እኔስ ለምን አንድ ሳምንት እንኳ አይኖረኝም ብዬ ጠየቅኋት። ጥፊ ስጠብቅ አቀፈችኝ፤ ይህም ይበልጥ አናደደኝ።

በማግስቱ ጋሼ ሻማና አባዬ ሊጥ በሚቦካበት ጠረጴዛ ላይ ወረቀት ዘርግተው ሲነጋገሩ ከጠረጴዛው ሥር ነበርኩ። ጋሼ ሻማ ያስረዳል። ጊዜ እንደ ውኃ ነው፤ እዚህ ጓዳ ውስጥ እንዲህ የሚጋልብ ከሆነ በአቅራቢያው የሆነ ቦታ ላይ ተኝቷል። ልጅቷን እዚያ ብናስቀምጣት የእኛ አራት ዓመት ለእሷ አንድ ሳምንት ይሆንላታል። አባዬ ታዲያ ያ ቦታ የት ነው አለው። ልኬቱ ሁሉ በእጄ ነው፣ ቦታውን የሚነግረኝ ስሌቱ ነው፣ ስሌቱ ግን ለአንድ ሰው የሠላሳ ዓመት ሥራ ነው አለ። አባዬ፣ እኛ ያለን ሁለት ወር ነው አለው። ከዚያ በኋላ ሁለቱም እግሮቻቸውን ወደ ሊጡ ጓዳ ሲያዞሩ ከታች ሆኜ አየሁ።

"አይሆንም" አለ አባዬ። "ሕጉን ታውቀዋለህ። ሊጥ እንጂ ሰው አይገባም።"

"እኔም ገና ያልበሰልኩ ሊጥ ነኝ፤ ይቁጠሩኝ" አለው ጋሼ ሻማ።

እኔ ብቻ ሳቅኩ። ወዲያው ከጠረጴዛው ሥር ተጎትቼ ወጣሁና ወደ ውጭ ተላክሁ።

በማግስቱ ጋሼ ሻማ ጠፋ። ደህና ሁኑ አላለም። አዲሱ ቡትሱ ግን ደረጃው ሥር ቁጭ ብሏል። በዚያው ቀን ዳቦ ቤቱ ለደንበኛ ተዘጋ፤ ምድጃው ግን ከወትሮው የባሰ ይነድዳል። አባዬና እማዬ እየተፈራረቁ በየሰዓቱ ስምንት ዳቦ፣ ሽንኩርት፣ የውኃ እንስራና የሻማ ጥቅል በአካፋው እየጫኑ በጓዳው ቀዳዳ ያስገባሉ። እንስራው ገብቶ ገና ዞር ሳይሉ ባዶውን ይመለሳል። ከእሱም ጋር ክዳን ያለው ባልዲ ይወጣል፤ እማዬ አትዪ እያለች ወደ ጓሮ ይዛው ትሮጣለች። ደንበኞች ሽታው እያወዳቸው መጥተው ዳቦ የለም ሲባሉ፣ ዳቦ ጋጋሪው ጓዳ ውስጥ ምን ያረባ ጀመር እየተባባሉ ይሄዳሉ።

ለእኔ ነገሩ ግልጽ ነበር። ጓዳው ውስጥ አውሬ ገብቷል። በቀን ሁለት መቶ ዳቦ ይበላል። ጋሼ ሻማንም በልቶታል፤ ጫማ ስለማይወድ ቡትሱን ተፍቶታል። ወላጆቼ ዳቦ የሚያጎርሱት ወደ እኛ እንዳይወጣ ፈርተው ነው። ለማንም አልተናገርኩም፤ ቀላማጅ የሚለው ስሜ ላይ አውሬ መጨመር አልፈለግሁም።

አሁን ሒሳቡን ራሴ ሠርቼዋለሁ። የእኛ አንድ ቀን ለእሱ ሁለት መቶ ቀን ነበር፤ በየሰዓቱ የሚገባው ስምንት ዳቦ የስምንት ቀን ምግቡ ነው። ወላጆቼ አንድን ሰው ላለማስራብ ሃምሳ አራት ቀን እንቅልፍ ሳያዩ ኖሩ። እማዬ አካፋውን እንደያዘች ቆማ ስታንቀላፋ አይቻታለሁ፤ ያኔ አውሬውን እየጠበቀች መስሎኝ ነበር።

በሃያኛው ቀን ግድም ድፍረት አገኘሁ። እማዬ እንዲያ እንዳንቀላፋች ወረቀት ቀደድኩና ጻፍኩ። "አውሬ ሆይ፣ እህቴን አትብላት። ታማለች፣ አትጣፍጥህም። ዳቦ ብላ።" በቀዳዳው ገፋ አድርጌ ጣቴን በፍጥነት ሰበሰብኩ። ትንፋሼን ሳልጨርስ ሌላ ወረቀት ወጣ። እንዲህ ተጽፎበታል፦ "አይዞሽ፣ አልበላትም። ዳቦ ይበቃኛል። አባትሽን ጨው እንዲጨምርበት ንገሪልኝ።" አውሬው ከእኔ የተሻለ የእጅ ጽሑፍ ነበረው።

አደራ አደራ ነውና ለአባዬ ነገርኩት።

"አባዬ፣ አውሬው ጨው ጨምርበት ይላል።"

አባዬ አካፋውን ቀስ ብሎ መሬት ላይ አስቀመጠና ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ትከሻው ይንቀጠቀጥ ነበር። የባለሙያ ክብሩ ተነክቶበት ነው ብዬ አዘንኩለት። ከዚያን ቀን ወዲህ ለአውሬው የሚጋገረው ሊጥ ላይ ጨው በእፍኝ ይጨምር ጀመር፤ ለእኛ ግን ያው የድሮው ነው።

በሃምሳ አራተኛው ቀን ጠዋት ምድጃው አልተለኮሰም። ሐኪሙ ጎህ ሳይቀድ መጥቶ እህቴ አልጋ አጠገብ ተቀምጧል፤ ቦርሳውን አልከፈተውም። እማዬ የእህቴን እግር በእጇ ይዛ ታሞቃለች። ሐኪሙ ለአባዬ ከሳምንት በላይ አትቆይም ሲለው ሰማሁ። በእኔ ጭንቅላት ነገሩ ወዲያው ተገጣጠመ። አውሬው ዛሬ ቁርሱን አላገኘም፤ ስለዚህ ቃሉን አጥፎ እህቴን ሊወስድ ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ ያን ጊዜ ፈራሁ። ሁለት ወር ሙሉ የተመቀኘኋት ልጅ ከሌለች ከማን እንደምደብቅ አላውቅም ነበር።

ሮጬ ሄጄ ጻፍኩ። "አውሬ፣ ዛሬ አባዬ አልጋገረም፣ ግን አትቆጣ። ከደረጃው ሥር፣ ግድግዳው ስንጥቅ ውስጥ የእኔ ዳቦ አለ። ጋሼ ሻማን ሳትበላው በፊት የደበቅኩት ነው። አይበላሽም፣ ምንም ያህል ቢቆይ ትኩስ ነው። አንዴ ብቻ ነው የገመጥኩት። ውሰደውና እህቴን ተዋት።"

ወረቀቱን ገፋሁት። እጄን ገና ሳልሰበስብ፣ ከተዘጋ ወዲህ ተከፍቶ የማያውቀው የጓዳው በር ተከፈተ።

አውሬ አልወጣም። የወጣው ነጭ ፂሙ ወገቡ የደረሰ፣ ባዶ እግሩን የሆነ ሽማግሌ ነው። ብርሃኑ ዓይኑን ወጋው። ጎንበስ ብሎ እኔን ትክ ብሎ አየኝ፤ ከዚያ እጄን አየ፣ ከዚያም በዚያ ዕድሜው ሮጠ። ከጓዳው እስከ ደረጃው ስምንት እርምጃ ነው። ጆንያዎቹን ገፈታትሮ ተንበረከከና ክንዱን እስከ ትከሻው ወደ ስንጥቁ ሰደደ። እጁን ከትቶ እስኪያወጣ አባዬ ሁለት ጊዜ እህቴ ጋ ሄዶ ተመለሰ። ሲያወጣው ዳቦው በእጁ ነበር፤ ይጨስ ነበር። ሽማግሌው አሸተተው፣ ገመጠው፣ ቀጥሎም ሳቀ። ሲስቅ ትሪዎቹ ተንጫጩ። እንባው ግን በፂሙ ላይ ይወርዳል። እኔ ዳቦዬን እያየሁ ነበር።

"ልጅቷን ያምጧት" አለው አባዬን።

አባዬ ከሃምሳ አራት ቀን በፊት አንተ እያለ የሚያዘውን ልጅ ቢፈልግ አጣው። "እርስዎ..." አለ። ከዚያ ወዲህ ሁለቱ አንቱታውን የሚያነሳው ጠፍቶ እስከ ዕለተ ሞታቸው እርስዎ ሲባባሉ ኖሩ።

እህቴን በብርድ ልብስ ጠቅልለው ክፍተቱ ውስጥ አስተኟት። እኔ አለቀስኩ፤ ሁሉም ለእህቴ ያለቀስኩ መስሏቸው አባበሉኝ። እኔ ያለቀስኩት መጀመሪያ ሁለት ወር፣ አሁን ደግሞ ቦታዬን ወሰደችብኝ ብዬ ነው።

አራት ዓመት እንዲህ ሆኖ አለፈ። እህቴ እዚያ ተጋድማ ትታየናለች፤ አንድ ጊዜ ስታዛጋ አፏን ከፍታ እስክትዘጋ አባዬ አንድ ዙር ዳቦ ጋግሮ ያወጣል። ምግብ በየሁለት ወሩ አንዴ ነበር የምንሰጣት። ድምፅዋ ስለሚጎተት አይሰማም። ሽማግሌው ቀኑን ሙሉ ደረጃው ላይ ተቀምጦ ይጠብቃታል። ማን እንደሆነ ማንም አልነገረኝም፤ ሁሉም የማውቅ መስሏቸዋል። እኔም አላጣሁትም። አፍንጫው የጋሼ ሻማ፣ ሳቁ የጋሼ ሻማ፣ የሚያድረውም በጋሼ ሻማ ክፍል ነው። ልጁን ፍለጋ የመጣ የጋሼ ሻማ አባት መሆኑ ነው። መጀመሪያ አባባ ብዬ ስጠራው ማንን ነው የምትጠራው ብሎ ወደ ኋላው ዞር አለ። ቆይቶ አቤት አለኝ።

ልጁ የት እንደገባ እያወቅኩ ዝም በማለቴ ውስጤ ይበላኝ ስለነበር እንደ እኔ የሚታዘዝለት አልነበረም። ውኃ አቀርባለሁ፣ ትራስ አስተካክላለሁ። እሱ ደግሞ ሻማ መለካት አስተማረኝ። የልጅዎን ቡትስ ለምን አያደርጉትም ስለው፣ ለመንገደኛ የተገዛ ጫማ ነው፣ እኔ መንገዴን ሄጄ መጥቻለሁ አለኝ። አሥር ዓመት ሲሞላኝ መሸከሙ ከበደኝና አወጣሁት።

"አባባ፣ ልጅዎን አውሬው ነው የበላው። እኔ አውቅ ነበር።"

የሻማውን ክር እየቆረጠ ነበር፤ እጁ ቆመ።

"አውሬው አልነካውም" አለኝ። "ራሱ ነው ወዶ የገባው።"

"ለምን?"

"እናንተን ስለሚወድ ነዋ።"

"ታዲያ አይናፍቅዎትም?"

"አንዳንዴ" አለ ጉልበቱን እያሸ፣ "ደረጃ ስወጣ።"

ዟሪዋ ሐኪም በተባለው ወር መጣች፤ ድምጿ ከምድጃ አመድ የሚያስነሳ ጎምላላ ሴት ነበረች። በጠረጴዛው ላይ፣ ሊጥ በሚቦካበት፣ ነጭ ጨርቅ አነጠፈች። አባዬ እህቴን በሁለቱም እጆቹ፣ በወጣቱም በሽማግሌውም፣ ከደረጃው ሥር አወጣት። እኔ አሥራ ሁለት ዓመት ሆኖኝ አንድ ክንድ በልጫታለሁ። እሷ ስምንት ዓመት ከአንድ ሳምንቷ ነው። ከንፈሯ እንደጠቆረ ሁላችንንም በዓይኗ ዞረች። እኔ ላይ ስትደርስ ይቺ ደግሞ ማናት አለች። ሽማግሌው ላይ ስትደርስ ግን ፈገግ አለች።

"ጋሼ ሻማ፣ ዱቄቱን ከፂምህ ላይ አራግፈው" አለችው። "ሽማግሌ መስለሃል።"

ሐኪሟም ሳትቀር ሳቀች። እኔ ግን ቡትሱን አየሁ፣ አፍንጫውን አየሁ፣ ጉልበቱን አየሁ። እህቴ ሞት አፋፍ ላይ ሆና በአንድ እይታ የለየችውን ሰው እኔ አራት ዓመት ሙሉ አብሬው በልቼ አላወቅኩትም። ሐኪሟ ሥራዋን ጨርሳ፣ የእህቴ ከንፈር ቀልቶ፣ ቤቱ ሁሉ ሲተነፍስ፣ ጓሮ ሄጄ ደረቱን በቡጢ ደበደብኩት። ለምን አልነገርከኝም አልኩት፤ ወዲያው ደግሞ አንቱ ልበለው አንተ ጠፋኝ። እጆቼን ይዞ፣ አባባ ስትዪኝ ደስ ስለሚለኝ ነው አለኝ።

ከዚያ በኋላ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ኖረ። መጽሐፉን ጻፈ፤ ከሩቅ አገር ሊቃውንት እየመጡ ደረጃችንን በሻማ ይለኩ ጀመር። መጽሐፉ ስለ እያንዳንዱ ልኬት ገጽ ሙሉ ያትታል፤ የደረጃችንን ሥር ሲያነሳ ግን "ቦታው ተገኘ" ብቻ ብሎ ያልፋል። ሊቃውንቱ በየትኛው ስሌት እንዳገኘው እስከ ዛሬ ይጨቃጨቃሉ። እኛም ቤት ሠላሳ ዓመት አስልቶ እንዳገኘው ነበር የሚወራው። ቡትሱን ለእኔ ሰጠኝ፤ በሁለት ካልሲ ልክ ሆነኝ። የዓለምን የጊዜ ካርታ እየሠራሁ የምዞረው እኔ ነኝ፤ ሲሞትም መንገድ ላይ ነበርኩ።

ዳቦ ቤቱን የያዘችው እህቴ ናት። ወላጆቻችን ካረፉ ዓመታት አልፈዋል። ባለፈው ወር የፎቁን ወለል ስታስጠግን ከጣውላው ሥር ያልታተመ ደብተሩን አገኘችና ላከችብኝ። መጥቼ እዚያው ደረጃው ላይ ተቀምጬ አነበብኩት። ሁለቱ ወረቀቶቼ ውስጡ ተጣብቀዋል። ከመጀመሪያው ሥር እንዲህ ይላል፦ "ዓመት አሥራ አንድ። ዛሬ ደብዳቤ ደረሰኝ። በቀዳዳው እስኪገባ ሩብ ሰዓት ፈጀ። ትንሽ እጅ ናት፣ ጥፍሯ ሥር ሊጥ አለ። ዓመቱን ሁሉ በየቀኑ አነበብኩት።"

ከሁለተኛው ሥር ደግሞ፦ "ዓመት ሠላሳ። ስሌቱ ሦስት ቦታ ጠቁሞኛል፤ ሦስቱም ከከተማው ወንዝ ማዶ ናቸው። ዛሬ ሁለተኛው ደብዳቤ መጣ። እኔ ያጣሁትን እሷ ዳቦ ስትደብቅ አግኝታዋለች። ለማንም አልናገርም። ልጅቷ ካወቀች ዝም ያለችባቸውን ቀኖች መቁጠር ትጀምራለች፤ መቁጠር ሰውን ምን እንደሚያደርግ ከእኔ በላይ የሚያውቅ የለም። ዳቦዋን ግማሹን በላሁባት። ግማሹን መልሼ ስንጥቁ ውስጥ፣ ጊዜ ጨርሶ ወደሚተኛበት ጥልቁ ገፍቼ አስቀምጬላታለሁ፤ የእሷ ነው።"

አልቅሼ አልበቃኝም። እሱ እንደፈራውም መቁጠር ጀመርኩ። በመጀመሪያው ቀን ብናገር፣ በሁለተኛው ብናገር፣ ጥርሱ ሳያልቅ፣ ፂሙ ሳይነጣ። እያንዳንዱ ቀን ሁለት መቶ ቀን ነው። እህቴ አጠገቤ ቆማ እጇን በሽርጧ እየጠረገች ትንሽ ታገሠችኝ።

"ቆጥረሽ ስትጨርሺ ጥሪኝ" አለች። "እኔ ዳቦውን ላወጣ ነው።"

ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ተንበርክካ ክንዷን ሰደደች፤ ስታወጣው የምሳ ሰዓት አልፏል። እጇ ላይ ግማሽ ዳቦ አለ፤ ይጨሳል። በአንድ ወገን የፊት ጥርሷ የወለቀ ልጅ ንክሻ ይታያል፤ እኔ ነኝ። ሁለት ቦታ ቆረሰችውና ትንሿን ለራሷ ወስዳ ትልቁን ለእኔ ሰጠችኝ። በልጅነታችን እንዲህ አድርጋ አታውቅም። በእጄ ውስጥ ሞቀኝ። አባዬ ያን ቀን ጠዋት፣ አንደኛው እጁ ወጣት ሌላው ሽማግሌ ሆኖ፣ የጋገረው ዳቦ ነው። ጎረስኩት።

እህቴ አኝካ ዋጠች። ዓይኗን በክንዷ ጠረገች።

"ጨው አንሶታል" አለች።

"ነገ" አልኳት።